ከቦልድ ፊልም እስከ ካን፦ የጃክሊን ሆሴ ጉዳይ

ሌሊት ነው። ማኒላ ውስጥ አንዲት ጠና ያለች ሴት መንገድ ዳር ቆማለች። በስንጥር የተሰካ የተጠበሰ የዓሣ ኳስ ይዛለች። ርቧታል። ስልክ አስይዛ የጎደለውን ገንዘብ አግኝታለች፤ ባሏ ፖሊስ ጣቢያ ታግቶ እየጠበቃት ነው። አንዱን ጎረስ ታደርጋለች። ፊት ለፊቷ አንድ ቤተሰብ የጎዳና ሱቁን እየሰበሰበ ነው። ታያቸዋለች። ታኝካለች። እንባዋ ይመጣል፤ ማኘኳን ግን አታቆምም። አትጮህም፣ ደረት አትመታም፣ «ወይኔ» አትልም። ፊልሙ እዚሁ ላይ ያልቃል።

ሴትየዋ ጃክሊን ሆሴ ናት። ፊልሙ «ማ ሮሳ» ይባላል፤ ዳይሬክተሩ ብሪላንቴ ሜንዶሳ ነው። ሜይ 22 ቀን 2016 በካን ፊልም ፌስቲቫል የዓመቱ ምርጥ ተዋናይት ተብላ የተጠራችው በዚህ ሥራ ነው። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) ከፊሊፒንስ፣ እንዲያውም ከመላው ደቡብ ምሥራቅ እስያ፣ ይህን ሽልማት የወሰደች የመጀመሪያዋ ሴት ሆነች።

ያን ዓመት ፉክክሩ ቀላል አልነበረም። ፈረንሳዊቷ ኢዛቤል ዩፔር አለች። ብራዚላዊቷ ሶንያ ብራጋ አለች። ጀርመናዊቷ ሳንድራ ሁለር አለች። የኛዋ የአዲስ አበባ ተወላጅ ሩት ነጋም «ላቪንግ» በተባለው ፊልም እዚያው ውድድር ውስጥ ነበረች። ጃክሊን ሆሴን ከቁጥር ያስገባ ሰው ጥቂት ነው። እሷም ብትሆን መድረክ ላይ ወጥታ የመጣሁት ቀዩን ምንጣፍ ለመርገጥ ብቻ ነበር አለች። ልጇ አንዲ አይገንማን አብራት ነበረች። በፊልሙም ልጇን ሆና የተወነችው ይህችው አንዲ ናት።

የጃክሊን ታሪክ ሲወራ ብዙ ጊዜ እንዲህ ነው የሚወራው፦ በ1980ዎቹ እርቃን በሚታይባቸው ፊልሞች ጀመረች፣ ከዚያ ተላቀቀች፣ በኋላ «ቁም ነገረኛ» ተዋናይት ሆነች። ከጭቃ ወጥታ ታጠበች እንደማለት ነው። ደስ የሚል ተረት ነው፤ ችግሩ፣ ከሥራዋ ዝርዝር ጋር አይገጥምም። ዝርዝሩን ቁጭ ብሎ ያየ ሰው ካን ያደረሳት መንገድ የተጠረገው እዚያው ደፋር ፊልሞቹ ውስጥ መሆኑን ያገኘዋል። ሰዎቹ ራሳቸው ናቸው፣ አሠራሩም ያው ነው፣ ፊቷም ያው ነው። ጉዳዩን አንስቼ የምጽፈው ለዚህ ነው።

የአንሄለስ ልጅ

የመዝገብ ስሟ ሜሪ ጄን ሳንታ አና ጋክ ነው። በ1963 ተወለደች። ያደገችው ከማኒላ በስተሰሜን፣ ፓምፓንጋ በሚባለው ክፍለ ሀገር፣ አንሄለስ ከተማ ነው። እናቷ ፊሊፒናዊት፣ አባቷ አሜሪካዊ።

አንሄለስን ለማያውቅ ሰው አንድ ነገር ልንገር። ከከተማዋ ጎን ክላርክ የሚባል የአሜሪካ የአየር ኃይል ጣቢያ ነበር። አሜሪካ ከሀገሯ ውጭ ከነበሯት ትልልቅ የጦር ሰፈሮች አንዱ ነው። የከተማዋ ኑሮ በወታደሩ ደመወዝ ዙሪያ ነው የቆመው። ቡና ቤት፣ ጭፈራ ቤት፣ በሰዓት የሚከራይ ክፍል። ጣቢያው የተዘጋው በ1991 የፒናቱቦ እሳተ ገሞራ ፈንድቶ አካባቢውን በአመድ ከሞላው በኋላ ነው። ስለዚህ ጃክሊን በኋላ በፊልም የተጫወተቻቸው ሴቶች ከሩቅ የሰማቻቸው አይደሉም። የከተማዋ ሴቶች ናቸው።

ሌላም ነገር አለ። በፊሊፒንስ ሲኒማ የክልስ መልክ ዋጋ አለው። ስፔን ከ300 ዓመት በላይ፣ አሜሪካ ደግሞ ግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ገዝተዋቸዋል፤ ነጣ ያለ ፊት ያላት ልጅ «ሜስቲሳ» ትባላለች፣ የፊልም በርም ቶሎ ይከፈትላታል። መጀመሪያ የተከፈተው ለእህቷ ነበር። ቬሮኒካ ጆንስ በሚል የመድረክ ስም ትሠራ ነበር፣ እሷም በዚያው በደፋሩ ዘርፍ። ጃክሊን በ1984 ተከተለቻት።

ቦልድ የሚባለው ነገር

ፊሊፒኖዎች እነዚህን ፊልሞች «ቦልድ» ነው የሚሏቸው። ቃሉን ከእንግሊዝኛ ወስደው የራሳቸው አድርገውታል። ሲተረጎም ደፋር ማለት ነው፤ ሲነገር ግን ልብስ የሚወልቅበት ፊልም ማለት ነው። ቦልድ ከመባሉ በፊት፣ በ1970 አካባቢ፣ «ቦምባ» ይባል ነበር። አንዳንድ ሲኒማ ቤቶች በፊልሙ መሀል ሌላ ቦታ የተቀረጸ ጉድ ቆርጠው ይሰኩ ነበር። ለዚህም ስም አለው፤ «ሲንጊት»፣ የተሸጎጠ እንደማለት። ሳንሱሩ ያየው ፊልምና ተመልካቹ ያየው ፊልም አንድ አልነበሩም።

በ1972 ፕሬዚዳንት ማርቆስ ወታደራዊ አገዛዝ ሲያውጁ ነገሩ ጋብ አለ። በ1980ዎቹ መጀመሪያ ግን ተመልሶ መጣ፤ ያመጣው ደግሞ ራሱ ቤተ መንግሥቱ ነው ማለት ይቻላል። ቀዳማዊት እመቤት ኢሜልዳ ማርቆስ ማኒላ የፊልም ፌስቲቫል ከተማ እንድትሆን ፈለጉ። በባሕሩ ዳር ግዙፍ የፊልም ማዕከል በጥድፊያ ማሠራት ጀመሩ። ኖቬምበር 17 ቀን 1981 መወጣጫው ተደርምሶ ሠራተኞች እርጥብ ሲሚንቶ ውስጥ ወደቁ። የሟቾቹ ቁጥር እስከ ዛሬ ያከራክራል። ፌስቲቫሉ ግን በጃንዋሪ 1982 ተከፈተ። ገንዘብ ሲያጥር ይኸው ሕንፃ ሳንሱር ያልነካቸው ፊልሞች የሚታዩበት ቦታ ሆነ፤ ሰልፉም ረጅም ነበር። በ1983 የተቃዋሚው መሪ ኒኖይ አኪኖ አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ተገደለ፣ ሀገሪቱ ተናወጠች፣ ኢኮኖሚው ወረደ። ቦልድ ፊልም ደግሞ በዛ። ሕዝቡ ሌላ ነገር እንዲያይ ነው ያሉ ሃያሲያን ነበሩ። ሊሆን ይችላል። እኔ ግን ገንዘቡንም አልረሳውም። ርካሽ ነው፣ ቶሎ ይሠራል፣ ቶሎ ይሸጣል።

የሴቶቹ ነገር ያሳዝናል። አንድ ሥራ አስኪያጅ የሚያስተዳድራቸውን ልጃገረዶች በለስላሳ መጠጥ ስም ነበር የሚጠራቸው። ፔፕሲ ፓሎማ፣ ኮካ ኒኮላስ፣ ሳርሲ ኢማኑኤል። (ሳርሲ እዚያ ሀገር የታወቀ ለስላሳ ነው።) ጠጥተህ ጠርሙሱን ትመልሳለህ፤ ስሙ ራሱ ይናገራል። ፔፕሲ ፓሎማ በ1985 ሃያ ዓመት ሳይሞላት ሞታ ተገኘች። ጃክሊን የገባችው እዚህ ገበያ ውስጥ ነው። ሃያ አንድ ዓመት እንኳ በቅጡ አልሞላትም ነበር።

ፊት ላይ የተደበቀው

ስሟን ያስጠራው ሥራ «ፕራይቬት ሾው» ነው። በ1980ዎቹ አጋማሽ የተሠራ። ዳይሬክተሩ ቺቶ ሮንዮ ሲሆን የመጀመሪያ ፊልሙ ነው፤ ሲክስቶ ካይኮ በሚል የብዕር ስም ነው የወጣው። ጃክሊን ተመልካች ፊት ወሲብ እየፈጸመች እንጀራዋን የምታገኝ ልጅ ናት። ርዕሱን አይቶ ሞቅ ያለ ነገር ጠብቆ የገባ ሰው ሳይከፋው አልቀረም። ልጅቷ መድረክ ላይ ስትወጣ ዓይኗ ሌላ ቦታ ነው። ፈረቃዋን የምትቆጥር የፋብሪካ ሠራተኛ ነው የምትመስለው። አካሏ እዚያ አለ፤ እሷ የለችም።

ያኔ የፊሊፒንስ ድራማ ጩኸት ይወድ ነበር፤ አሁንም ይወዳል። ጥፊ፣ እንባ፣ ደረጃ ላይ መውደቅ፣ «እንዴት ይህን ታደርጊኛለሽ!»። ጃክሊን የምትናገረው ግን ዝቅ ባለ፣ በአንድ ቃና በሚሄድ ድምፅ ነው። ከባዱን ዓረፍተ ነገር ሽንኩርት ግዙ እንደምትል ሴት ወርወር አድርጋው ታልፋለች። ይህ አነጋገር ለዓመታት መቀለጃም ሆኖላቸዋል፤ አስመሳዮች ይወዱታል። መጀመሪያ የሚሰማት ሰው መተወን አልቻለችም ሊል ይችላል። ሁለተኛ ጊዜ ሲያያት ግን ትንፋሹን ይዞ ይሰማታል።

ይህን ከየት አመጣችው? የኔ ግምት ከቦልድ ፊልሙ ራሱ ነው። በእነዚያ ፊልሞች ካሜራውም ተመልካቹም የሚያየው ገላ ነው። ፊቷ ላይ የሚሆነውን የሚቆጣጠር የለም። ሌላዋ ተዋናይት ፊቷንም ለገበያ ታቀርብ ነበር፤ ትስቃለች፣ ከንፈሯን ትነክሳለች። ጃክሊን ገላዋን ሰጥታ ፊቷን አስቀረች። ንዴቱን፣ ድካሙን፣ ንቀቱን እዚያ ደበቀችው። የተደበቀ ነገር ደግሞ ዓይን ይስባል። ለአንዲት የሃያ ምናምን ዓመት ልጅ ይህ ትልቅ ጥበብ ነው። ደግሞ ማንም አላስተማራትም፤ ድራማ ትምህርት ቤት አልገባችም።

ቀጥሎ ያለው ፊልም የዚህ ጉዳይ እምብርት ነው። «ታካው ቱክሶ»፣ 1986። ዳይሬክተሩ ዊልያም ፓስኳል። ታሪኩ ጋራዥ ውስጥ ነው፤ አራት ወጣቶች፣ ሁለት ጥንዶች፣ ዘይትና ብረት የሚሸት ቤት። ሁሉም የሚመኘው የማይገባውን ነው፤ መጨረሻውም ደም ነው። ሲያስተዋውቁት ቦልድ ነው፣ ሲታይም ቦልድ ነው። ጃክሊን ግን በዚህ ፊልም የሀያሲያኑን ትልቅ ሽልማት፣ ጋዋድ ኡሪያንን፣ በምርጥ ተዋናይትነት ወሰደች። ሀያሲያኑ ልብሷን አይተው አላለፏትም፤ ምስጋና ይግባቸው።

አሁን የፊልሙን ስም ዝርዝር ልብ ብላችሁ እዩልኝ። ድርሰቱን የጻፈው አርማንዶ ላኦ ነው። የቤቱንና የዕቃውን ገጽታ ያሰናዳው ያኔ ዳንቴ ሜንዶሳ የሚባል የፓምፓንጋ ልጅ ነው። ከወንዶቹ ተዋንያን አንዱ ሁልዮ ዲያስ ነው። ሃያ ሁለት ዓመት ቆይቶ አርማንዶ ላኦ «ሰርቢስ»ን ጻፈ። ዳንቴ ሜንዶሳ ስሙን ብሪላንቴ አድርጎ ዳይሬክተር ሆነ። ሁልዮ ዲያስ በ«ማ ሮሳ» የጃክሊን ባል ሆኖ መጣ። አያችሁት? ካን የሄደው ቡድን በ1986 ጋራዡ ውስጥ ተሰብስቦ ነበር። ከዚያ «ተላቀቀች» የሚሉት ታዲያ ከየትኛው ነው?

በመሀል ያለፉት ሃያ ዓመታት

እዚህ ላይ ፈጠን ልበል። ሊኖ ብሮካ፣ ሀገሪቱ ካፈራቻቸው ዳይሬክተሮች ትልቁ ነው የሚሉት ብዙ ናቸው፣ በ1985 «ኋይት ስሌቨሪ» ላይ አሠራት። ብሮካ ያን ዓመት ከሹፌሮች አድማ ጋር በተያያዘ ታስሮ የተፈታ ሰው ነው። በ1988 ደግሞ «ማቾ ዳንሰር» መጣ። ወንዶች ገላቸውን የሚሸጡበት የማኒላ ጭፈራ ቤት ታሪክ ነው፤ ጃክሊን ባምቢ የምትባል ሴተኛ አዳሪ ናት። የሀገሩ ሳንሱር ስለቆራረጠው ብሮካ ሙሉውን ቅጂ በድብቅ ወደ ውጭ አስወጣው። በዚያው ዓመት «ኢታኖንግ ሞ ሳ ቡዋን» ላይ ከቺቶ ሮንዮ ጋር እንደገና ሠራች፤ ድርሰቱ ያው የአርማንዶ ላኦ ነው። ብሮካ በ1991 በመኪና አደጋ ሞተ።

በ1995 «የፍሎር ኮንቴምፕላስዮን ታሪክ» ላይ በረዳት ተዋናይትነት ሠራች፤ በዚህም ኡሪያን አገኘች። ፍሎር ሲንጋፖር ውስጥ የቤት ሠራተኛ የነበረች እናት ናት፤ በነፍስ ግድያ ተከሳ ማርች 17 ቀን 1995 ተሰቀለች። ፊሊፒንስ ያን ሰሞን በሐዘንና በቁጣ ነደደች። ፊልሙ በዚያው ዓመት ካይሮ ፌስቲቫል ላይ ዋናውን ሽልማት አገኘ።

በመሀሉ ኑሮ አለ። ተዋናይ ማርክ ጊልን ወደደች፣ በ1990 አንዲ ተወለደች። በኋላም ወንድ ልጅ ወለደች። ልጆቿን ያሳደገችው በአብዛኛው በራሷ ገቢ ነው፤ ገቢው ደግሞ ቴሌቪዥን ነበር። እናት፣ አክስት፣ ክፉ አማት። የቴሌቪዥን ድራማ ተከታታይ ነው፣ ደመወዙም ተከታታይ ነው። አንዳንድ ሰው ይህን ዘመን የባከነ አድርጎ ያየዋል። እኔ አላየውም። የሰፈር ሴት ሁሉ በየማታው ድምፅዋን ለመደው። ማ ሮሳን ስትሆን ተመልካቹ የሚያውቃት ጎረቤት ነበረች።

«ፋሚሊ» ሲኒማ

በ2008 ሜንዶሳ «ሰርቢስ»ን ሠራ። ቦታው የት መሰላችሁ? አንሄለስ። ያደገችበት ከተማ። ፊልሙ የሚካሄደው «ፋሚሊ» በሚባል ያረጀ ሲኒማ ቤት ውስጥ ነው። ቤተሰቡ የሚኖረው እዚያው ነው፤ ልጅ በሦስት ጎማ ብስክሌቱ ደረጃ ለደረጃ ሲዞር፣ ሽንት ቤቱ ሲሞላ፣ ወጥ ሲሠራ። አዳራሹ ውስጥ የሚታዩት ያረጁ ቦልድ ፊልሞች ናቸው። ከወንበሮቹ መሀል ደግሞ ወጣት ወንዶች ገላቸውን ይሸጣሉ፤ «ሰርቢስ» የሚሉት ይህንን አገልግሎት ነው። በአንድ ትዕይንት ፍየል ገብታ አዳራሹን ታምሰዋለች። የማንም የፈጠራ ምሳሌ አይመስልም፤ ዝም ብላ ፍየል ናት።

ጃክሊን ናይዳ ናት፣ የቤቱ ሴት ልጅ። ቲኬት ትቆርጣለች፣ ልጅ ትመግባለች፣ ትጠርጋለች፣ ሰው ትገላግላለች። አንድ ጊዜ አስቡት፤ በሃያዎቹ ዕድሜዋ ሸራው ላይ የነበረችው ሴት በአርባዎቹ ዕድሜዋ ሸራው የተሰቀለበትን ቤት ወለል ትወለውላለች። ይህን ሜንዶሳ አስቦበት ይሁን አይሁን፣ ፊልሙ ውስጥ አለ። ለኔ ስለ ቦልድ ዘመን ከተሠሩት ሁሉ እውነቱ ይሄኛው ነው። አያከብረውም፣ አይረግመውም፤ የመብራት ሂሳቡ እንዴት እንደሚከፈል ነው የሚያሳየው።

«ሰርቢስ» ካን ዋና ውድድር ገባ። ከብሮካ የ1984 ፊልም በኋላ የመጀመሪያው የፊሊፒንስ ፊልም ነው። አቀባበሉ የተደባለቀ ነበር፤ የመንገዱ ጫጫታ ንግግሩን ዋጠው ብለው የተማረሩ አሉ። በዚህ ፊልም ላይ ፖስተር ሠዓሊ ሆኖ የሠራው ወጣት ኮኮ ማርቲን ነው። እሱም ስሙ መታወቅ የጀመረው በ2005 «ማሳሂስታ» በተባለው የሜንዶሳ ደፋር ፊልም ነው፤ እዚያም ጃክሊን ነበረች። ዛሬ ኮኮ ማርቲን የሀገሩ ቴሌቪዥን ንጉሥ ነው። ስሙን ያዙት፣ እንመለስበታለን።

ሳንቲም የሌለው መልስ

ወደ «ማ ሮሳ» ልመለስ። ፊልሙ የሚጀምረው ሱፐርማርኬት ውስጥ ነው። ሮሳ ለሱቋ የሚሆን አስቤዛ ገዝታ መልስ ትጠብቃለች። ገንዘብ ተቀባይዋ ዝርዝር የለኝም ብላ ከረሜላ ትሰጣታለች። ሮሳ ትቆጣለች፤ ገንዘቤን ነው የምፈልገው። ይህን ያየ የአዲስ አበባ ሰው ሳይስቅ አይቀርም። «ማስቲካ ውሰጂ» ያልተባለ ማን አለ? ግን ልብ በሉ፤ ይህች ለሳንቲም የምትከራከር ሴት ብዙም ሳይቆይ 50 ሺህ ፔሶ ነው የምትጠየቀው።

ሱቁ «ሳሪሳሪ» ከሚሉት የሰፈር ኪዮስክ ነው። ሲጋራ በፍሬ፣ ሳሙና፣ ደረቅ ፓስታ። ከጠረጴዛው ሥር ደግሞ «አይስ»፣ በትንንሽ ላስቲክ የታሸገ አደንዛዥ ዕፅ። ሮሳ ወንበዴ አይደለችም፣ ቅድስትም አይደለችም። ገቢና ወጪዋን ለማገጣጠም የምትታገል ሴት ናት። ፖሊስ ይመጣል፣ ባልና ሚስቱን ወስዶ ጣቢያው ጓሮ ክፍል ያስቀምጣቸዋል። መዝገብ የለም፣ ጠበቃ የለም። 200 ሺህ ፔሶ አምጡ ይባላሉ። ወይም ያቀበላችሁን ሰው ስጡን። ይሰጡታል። ያም አልበቃም፤ 50 ሺህ ይቀራል። ፖሊሶቹ በመሀሉ ከተያዘው ገንዘብ ዶሮና ቢራ ያስመጣሉ።

ልጆቹ ገንዘብ ፍለጋ ይበተናሉ። ሴት ልጅዋ፣ አንዲ፣ ዘመድ ደጅ እየዞረች ትለምናለች፤ አንዱ ወንድ ልጅ የቤቱን ቴሌቪዥን ተሸክሞ ገዢ ይፈልጋል። ሌላው ገላውን ይሸጣል። እዚህ ላይ «ማቾ ዳንሰር»ን ያየ ሰው ይደነግጣል። በ1988 የጭፈራ ቤት ታሪክ የነበረው አሁን የቤተሰብ ወጪ መሸፈኛ ሆኗል፤ ካሜራውም አያጋንነውም።

ሜንዶሳ ለተዋንያኑ ስክሪፕት አይሰጥም። ሁኔታውን ይነግራቸዋል፣ እውነተኛ ሰፈር ውስጥ ይለቃቸዋል፣ በእጅ የተያዘ ካሜራ ይከተላቸዋል። ብዙ የሠለጠነ ተዋናይ እዚህ ላይ ይጠፋል፤ ባዶውን በጩኸት ይሞላዋል። ጃክሊን ሠላሳ ዓመት ሙሉ ባዶውን ባዶ መተው ለምዳለች። ጓሮ ክፍሉ ውስጥ ስትደራደር እይዋት። አትለምንም። ታሰላለች። የትኛው ፖሊስ ነው አለቃው? የትኛው ነው ልቡ የሚራራው? ይህ ሁሉ ዓይኗ ውስጥ ይመላለሳል፤ አፏ ግን «እሺ ጌታዬ» ነው የሚለው።

ለዚህም ነው የዓሣ ኳሱ ትዕይንት እንደዚያ የሚመታው። ፊልሙ ሙሉ ያላለቀሰች ሴት ናት። አንድ ሰዓት ከምናምን የጠበቀችውን እንባ የለቀቀችው ማንም በማያያት ቦታ፣ ምግብ አፏ ውስጥ ሳለ ነው።

ሀገር ቤት ሲገባ

ድሉ ሀገር ቤት ሲደርስ እንግዳ ነገር ገጠመው። ሮድሪጎ ዱተርቴ ጁን 30 ቀን 2016 ፕሬዚዳንት ሆነው ሥልጣን ያዙ፣ በአደንዛዥ ዕፅ ላይ ጦርነት አወጁ። ፊልሙ ሲኒማ ቤቶች የገባው ከዚያ በቀናት ልዩነት ነው። ሮሳን የመሰሉ ሰዎች በየሰፈሩ መገደል ጀመሩ፤ በመንግሥት ቁጥር እንኳ በስድስቱ ዓመት ከ6 ሺህ በላይ። እና ፊልሙ? ብዙ ሰው አላየውም። ለገበያ የሚሆን ሰዓቱ አልነበረም፣ ወይም ደግሞ ሰዓቱ አለቅጥ ልኩ ነበር።

ሜንዶሳ ራሱ በዚያው ጁላይ የዱተርቴን የመጀመሪያ የሀገር ሁኔታ ንግግር በቴሌቪዥን ዳይሬክት አደረገ፤ ዘመቻውንም ደገፈ። ይህን ከፊልሙ ጋር እንዴት እንደሚያስታርቀው እሱ ይወቅ። እኔ አላስታርቀውም። ፊልሙ ከሠሪው የተሻለ ያየባቸው ጊዜያት አሉ፤ ይሄ አንዱ ነው።

በቀጣዩ ዓመት የኡሪያን ምርጥ ተዋናይት ሽልማትም ወደ ጃክሊን አልሄደም። «ፓሚልያ ኦርዲናርዮ» ላይ የሠራችው አዲሷ ሃስሚን ኪሊፕ ወሰደችው። ካን ያነገሣትን ሀገሯ በሁለተኝነት አሳለፋት ማለት ነው። ሃስሚንን ያየ ሰው ግን ብዙም አይከራከርም፤ እሷም የምትጫወተው ጎዳና ላይ ያለች እናት ነው፣ እሷም ድምፅዋን አታነሳም። መንገዱን ማን እንደጠረገው ለሚያውቅ ሰው ሽልማቱ ብዙም አልራቀም።

ጃክሊን ወደ ቴሌቪዥኗ ተመለሰች። የመጨረሻ ትልቅ ሥራዋ «ባታንግ ኪያፖ» ነው፤ የእስር ቤት አዛዧ ኤስፒናስ። የድራማው መሪ ተዋናይና ዳይሬክተር ማን ነው? ኮኮ ማርቲን። የ«ፋሚሊ» ሲኒማ ፖስተር ሠዓሊ። ደፋሩ ፊልም ያገናኛቸው ሰዎች እስከ መጨረሻዋ አልተለያዩም።

ማርች 2 ቀን 2024 ኬሶን ከተማ ቤቷ ውስጥ በድንገተኛ የልብ ሕመም አረፈች። 60 ዓመቷ ነበር። የሞቷን ምክንያት ለጋዜጠኞች የተናገረችው አንዲ ናት፤ የእናቴ ትልቁ የጥበብ ሥራ የገዛ ሕይወቷ ነው አለች። አንዲ ራሷ ከከተማውም ከትወናውም ርቃ ሲያርጋኦ በምትባል ደሴት ነው የምትኖረው።

ቦልድ ፊልምም አልሞተም። በ2021 ቪቫማክስ የሚባል የኢንተርኔት ስርጭት ተከፈተ፣ በወረርሽኙ ቤቱ የተዘጋበት ሰው ተመዘገበ፣ አዳዲስ ልጃገረዶች መጡ። እንደ ድሮው በሳምንት አንድ ፊልም፣ እንደ ድሮው ርካሽ። ክርክሩም ያው ነው፤ ነፃነት ነው ወይስ ብዝበዛ? የጃክሊን ጉዳይ ለሁለቱም ወገን ማስረጃ አይሆንም። ፔፕሲ ፓሎማና ጃክሊን ሆሴ በአንድ ዘመን፣ በአንድ ገበያ ነው የነበሩት። ጃክሊን እጇ ላይ ጥሩ ድርሰት ወደቀላት፤ ጥሩ ሰዎችም አገኘች። ሁሉም አያገኝም።

ሥራዋን ማየት የምትፈልጉ ካላችሁ ከካኑ አትጀምሩ። መጀመሪያ «ታካው ቱክሶ»ን ፈልጉ። ከዚያ በዚያው ምሽት «ማ ሮሳ»ን ክፈቱ። ፖሊስ ጣቢያው ጓሮ ሲደርሱ ከሮሳ ጎን አንገቱን ደፍቶ የተቀመጠውን ባሏን እዩት። ጸጉሩ ሳስቷል፣ ጉንጩ ጎድጉዷል። ቅድም ጋራዡ ውስጥ የነበረው ልጅ ነው።